ቁረጥ

ቅዳሜ ቅዳሜ ሰርግ ነው ሥራዬ፤
ኬክ ሲቆረስ፣ ቬሎ ሲጎተት ያያል ካሜራዬ።
እንጀራዬም ከዚያ ነው።
ሰኞ ግን በማለዳ፣ ጭጋጉ ከጦሳ ሳይለቅ፣
ሀረጎ አፋፍ ላይ እቆማለሁ፣ ልጆቹን ስጠብቅ።

አንዋር፣ ቢላል፣ ሙሄ፣ ደግሞም "ሽቦ" የሚሉት ቀጭኑ፤
አሥራ አምስት፣ ቢበዛ አሥራ ስድስት ቢሆኑ።
ትምህርቱን አልተዉት፣ አልተማሩትም፤
አባት ሲጠራቸው እምቢ አይሉም፣ አቤትም አይሉም።

ሰሌዳቸው የአልጋ ርብራብ፣ የሰኞ ገበያ ጣውላ፤
እግሩ አራት ኩሽኔታ፣ የተሰረቀ ከጋራዥ ኋላ።
አስፓልቱን ሲነካ ይጮሃል፣ መቶ ቢላ እንደሚሳል፤
ሆጤ ድረስ የተኛ ሰው ከእንቅልፉ ይባንናል።
ፍሬን የለውም። ፍሬኑ ጫማ ነው።
ጫማው ደግሞ የወንድም ነው።

ሲኖትራክ ከኮምቦልቻ እያቃሰተ ሲወጣ፣
ጭራውን ይዘው ሽቅብ ይጎተታሉ፣ ሾፌሩ ሳያይ፣ ሳይቆጣ።
አናቱ ላይ ሲደርሱ ማንም ምንም አይልም።
አንዱ ይተፋል። አንዲት ሲጋራ ለአራት ትዞራለች።
ከዚያ ቁልቁል።

እኔ በሞተር፣ ከሹፌሩ ጀርባ ተቀምጬ እከተላለሁ።
ሲወድቁ አልወርድም፤ ምስሉን አቀርባለሁ።
ጉልበት ሲላጥ፣ ክርን ሲደማ፣ እነሱም በደሙ ሲሳሳቁ፣
እውነት ማለት ይሄ ነው እል ነበር፤ ሌሎቹ ምን አውቀው ሊያውቁ!

"ለምን?" አልኩት አንዋርን፣ ካሜራዬን አጥፍቼ ሳለሁ።
"ምን ለምን አለው?" አለ፣ "ቁልቁለቱን እኔ አልሠራሁ።"
ክንዱን ገልጦ ጠባሳውን ቆጠረልኝ፦
"ይቺ የጥምቀት። ይቺ የመውሊድ። ይቺ የአባቴ።"
ሦስተኛዋ ላይ ሳቀ።

ፊልሙ አለቀ። ፒያሳ አጠገብ አዳራሽ ተከራየሁ፤
ሰባ ወንበር ደርድሬ አርባ ሰው አየሁ።
መብራቱ ሲበራ አንድ ኮት የለበሱ ሰው ተነሡ፦
"ምክሩ የታለ? መጨረሻው ላይ አይጸጸቱ? አይመለሱ?"
ሌላው፣ "ጦርነቱ ነው" አለ፣ "ያዩት ነው እንዲህ ያረጋቸው።"
ያን ጊዜ ስንት ዓመታቸው ነበር? አልጠየቅኳቸው።
አንዷ ደግሞ፣ "ወሎ ፍቅር ነው፤ ይሄን ከየት አመጣኸው?" አለች።
"ከሀረጎ" አልኩ፣ "ከሦስተኛው መታጠፊያ።"
ማንም አልሳቀም።

ከኋላ እትዬ ሉባባ ተነሡ፣ የሙሄ እናት፤
ከቀብሩ ወዲህ ከደጅ ሲወጡ ይቺ የመጀመሪያቸው ናት።
"መልሰው" አሉኝ።
"የቱን?"
"የሚስቅበትን።"
መለስኩት። በጨለማው ውስጥ ፊቱ ግድግዳውን ሞላ።
"ጥርሱ እንዲህ ነበር ለካ" አሉ፣
"ቤት ሲገባ ይዘጋው ነበር።"
ከዚያ ሌላ አልተናገሩም፤ ነጠላቸውን ሰብስበው ወጡ።
ኮት የለበሱት ሰውዬም ቀስ ብለው ተቀመጡ።

አንድ ያላሳየሁት አለ። አሥራ አንድ ሰከንድ።
ሙሄ አፋፉ ላይ፣ አንድ እግሩ ጣውላ፣ አንድ እግሩ መሬት፣
ዞሮ ሌንሴን ያያል፤ አይስቅም፤
አንድ ቃል የሚጠብቅ ይመስላል ከእኔ አንደበት።
በኛ ሙያ ያቺ ቃል አጭር ናት፣ "ቁረጥ" የምትባል።
ብርሃኑ ግን አማረኝ፤ ጭጋጉ ከትከሻው እንደ ኩታ ይገፈፋል።
እጄ እንዳይንቀጠቀጥ ትንፋሼን ያዝኩ።
እኔ ቀረጽኩ።
እሱ ቆረጠ።

ባለፈው ቅዳሜ ሰርግ ነበረኝ፣ ኮምቦልቻ።
ሙሽሮቹ ከፊት፣ እኔ በሚኒባስ፣ ከአበባው ጋር ብቻ።
ሦስተኛው መታጠፊያ ላይ ሾፌሩ፣ "ምንድን ነው የሚጮኸው?" አለ።
መቶ ቢላ ይሳላል።
ሽቦ ነው። የሙሄ ጣውላ ላይ ቆሟል፤
ወገቡን በሚስማር ጠግኖታል።
አየኝ። እጁን አነሣ።
እኔም ላነሣለት ብዬ ወደ እጄ ዞርኩ፤
ጣቴ ቁልፉ ላይ ነበረች።